አዲሱ የጨዋታ ገበያና የቤተ ሰብ ደረሰኝ

እስከ ዛሬ በዚህ በቤተ ሰብ ገጽ ስለ ልጆች ምግብ፣ ስለ ልብሳቸው ንጽሕና፣ ስለ ትምህርታቸውም ስንጽፍላችሁ ቆይተናል። ስለ ጨዋታቸው ግን የጻፍነው ጥቂት ነው። ይህም የሆነው፣ ጨዋታ የልጆች እንጂ የሽማግሎች ጉዳይ አይደለም ብለን በመናቃችን ነው። ዛሬ ግን ጨዋታ ከሜዳ ተነሥቶ ወደ ገበያ ገብቷል፤ ዋጋ ወጥቶለታል፤ ነጋዴና ደንበኛ፣ ዋንጫና ዳኛም አግኝቷል። ዋጋ ያለው ነገር ሁሉ በቤተ ሰብ ሒሳብ ውስጥ መግባቱ አይቀርምና፣ በዚህ ሳምንት አስቀድመን በገዛ ቤታችን የደረሰውን፣ ቀጥለንም በዓለምና በአገራችን ያለውን ሁኔታ ልንነግራችሁ ወደናል። የውጭ አገሩን ነገር በአውሮፓውያን ዘመን፣ የአገራችንን በአገራችን ዘመን እንቈጥራለን።

የእኅታችን ልጅ ከዘጌ መጥቶ በባሕር ዳር ከእኛ ጋራ ተቀምጦ ሲማር ዘንድሮ ሦስተኛ ዓመቱ ነው። ዕድሜውም ዐሥራ አምስት ነው። እናቱ በዘጌ ባሕረ ገብ መሬት፣ ከታላላቆቹ ዛፎች ጥላ ሥር የሚበቅለውን ቡና ለቅማ፣ አድርቃና ሸጣ የምትኖር ሴት ናት። ከቡናዋ ዋጋ ላይ እየቈጠበች፣ ለልጄ ለመጽሐፉና ለደብተሩ፣ ለምሳውም ይሁን ብላ በየወሩ በቴሌብር ትልክልናለች። እኛም ገንዘቡን ከስልካችን አውጥተን፣ ሳንቲም ሳናጎድል ለልጁ እናስረክበዋለን። ማስረከባችንን እንጂ፣ ከተረከበ በኋላ የት እንደሚያደርሰው አንጠይቅም ነበር።

በጥር ወር ከትምህርት ቤቱ ጥሪ ደረሰን። ልጁ የሒሳብና የፊዚክስ አጋዥ መጽሐፍ እንዳልገዛ፣ ከሰዓት በኋላም ከክፍል መቅረት እንዳበዛ ነገሩን። ወደ ቤት ተመልሰን ብንጠይቀው፣ ገንዘቡን በገበያ ግርግር መካከል ሌባ እንደ ወሰደበት በመሐላ አረጋገጠልን። እናቱም ይህን በስልክ ሰምታ አዘነችለት፤ ለፋሲካ ብላ ያስቀመጠችውን ቡና ሸጣም ሁለተኛ ላከችለት። ከሁለት ሳምንት በኋላ ግን፣ አብሮን የሚሠራ አንድ ወዳጃችን ልጁን ከአንድ ጌም ቤት ሲወጣ እንዳየው በለሆሳስ ነገረን።

መጀመሪያ የመጣብን ቍጣ ነበር። ልጁን በማግሥቱ በጀልባ አሳፍረን ወደ ዘጌ ልንመልሰው፣ ከዚያም በፊት አርጩሜ ልናቀምሰው አስበን ነበር። ነገር ግን ሃያ ዓመት ያህል በፍርድ ቤት ጸሐፊነት ስንቀመጥ፣ ተከሳሹ ሳይሰማ የተሰጠ ፍርድ በይግባኝ ሲፈርስ ደጋግመን አይተናል። ስለዚህ ነገሩን በዐይናችን ሳናይ አንፈርድም ብለን፣ ከሥራ ስንወጣ ወደ ተባለው ቤት ሄድን።

ቤቱ ከጣና ዳር ብዙ በማይርቅ፣ ዘንባባ ከተተከለበት ጎዳና ወደ ውስጥ በሚገባ ቀጭን መንገድ ላይ የተሠራ የቆርቆሮ ክፍል ነው። ሦስት ቴሌቪዥኖች ግድግዳውን ተደግፈው ቆመዋል፤ ከእያንዳንዱም ሥር ፕሌይስቴሽን የተባለው መሣሪያ ተቀምጧል። ልጆቹ በአግዳሚ ወንበር ላይ ሁለት ሁለት ሆነው ተቀምጠው ጆይስቲክ ጨብጠዋል፤ ሌሎች ከኋላቸው ቆመው ‹‹አቀብለው! ምታው!›› እያሉ ይጮኻሉ። በግድግዳው ላይ በትልልቁ ‹‹ዱቤ የለም፤ ተሸናፊ ይከፍላል›› የሚል ጽሑፍ ተለጥፏል። ከሁሉ ይበልጥ የሚወደደው የእግር ኳስ ጨዋታ ሲሆን፣ ፊፋና ፔስ ይሉታል፤ ሠሪዎቹ በነዚህ በቅርብ ዓመታት የንግድ ስማቸውን ቢለውጡም ልጆቹ የሚያውቁት በቀድሞው ስም ነው። አንዱ አርሴናልን፣ ሌላው ማንቸስተር ዩናይትድን ይዞ ሲገጥም፣ የቤቱ ጸጥታና ሁካታ እየተፈራረቀ እውነተኛ ስታዲዮም ይመስላል።

የቤቱ ባለቤት ገና ሠላሳ ዓመት ያልሞላው ወጣት ነው። ሲያየን ፈጥኖ ተነሥቶ ‹‹ይግቡ፣ ጋሼ፤ ይቀመጡ›› ብሎ በአክብሮት ተቀበለን። የመጣንበትን ጉዳይ ብንነግረው አልተቈጣም። ‹‹እኔ የሰው ልጅ ለማጥፋት የተቀመጥሁ አይደለሁም›› አለን። ‹‹መሣሪያዎቹን ያገለገሉ ገዝቼ በገዛ እጄ የምጠግን ነኝ። የቤት ኪራይና ግብር እከፍላለሁ፤ መብራት በጠፋ ቀንም ባዶ እጄን እገባለሁ። ጧት የተማሪ ልብስ የለበሰ ልጅ ሲመጣ እመልሳለሁ። ሰዓታቸውን መጠበቅ እችላለሁ፤ ኪሳቸው ውስጥ ያለው ገንዘብ ከየት እንደ መጣ ግን ማን ይጠብቅልኝ? ያ የእናትና የአባት ሥራ አይደለምን?››

ስለ ገበያው ሁኔታ ብንጠይቀውም እንዲህ ሲል አስረዳን። በ2015 ዓ.ም. በሐምሌ ወር መጨረሻ በክልላችን የስልክ ኢንተርኔት ተቋርጦ ብዙ ወራት በቈየ ጊዜ፣ በስልካቸው ከሩቅ ሰው ጋራ ፐብጂና ፍሪ ፋየር ይጫወቱ የነበሩት ልጆች ሁሉ ወደ እርሱ ቤት ጎረፉ። ኢንተርኔት ሲመለስም አንዳንዶቹ ወደ ስልካቸው ተመለሱ፤ ሌሎቹ ግን ፊት ለፊት መጋጠሙን ወደዱና ቀሩ። በበዓላትም ሰሞን ዐሥራ ስድስት ልጆች እየመዘገበ የዋንጫ ውድድር ያደርጋል። እርሱ ራሱ የሚፈራው አንድ ነገር ነው። እርሱም ከበሩ ላይ ቆመው በልጆቹ አሸናፊነት ገንዘብ የሚያስይዙ ዐዋቂዎች ናቸው። ‹‹ጨዋታ እዚያ ላይ ያበቃል፣ ጋሼ፤ ከዚያ በኋላ ቁማር ነው›› አለን።

ማታ ልጁን ጠርተን፣ ብዕርና ወረቀት ይዘን ተቀመጥን። አንድ ጨዋታ 15 ብር ነው። ልጁ በቀን አራት ጊዜ ቢሸነፍ 60 ብር፣ በሳምንት አምስት ቀን ቢሄድ 300 ብር፣ በወር 1,200 ብር ይሆናል። ልጁ ቍጥሩን ባየ ጊዜ አንገቱን ደፋ። ‹‹የተበላሁትን ላስመልስ ብዬ ነበር፣ አጎቴ›› አለ። ‹‹አንድ ቀን ብቻ አሸንፌ መጽሐፉን እገዛለሁ እያልሁ ነው ወሩ ያለቀብኝ።›› ይህ ንግግር በዕዳ ተከስሰው በችሎት ከቆሙ ከብዙ ሰዎች አፍ የሰማነው ነው። በዐሥራ አምስት ዓመት ልጅ አፍ መስማታችን ግን አስደነገጠን።

እናቱ በማግሥቱ በጧቱ ጀልባ ከዘጌ መጣች። እኛ ነገሩን አለስልሰን ልናስረዳት ስንጀምር አቋረጠችን። ‹‹ወንድም ጋሼ፤ ልጄ ቢጫወት ምን ከፋኝ? እኛስ በልጅነታችን አልተጫወትንምን? ሌባ ወሰደብኝ ብሎ ሲምልልኝ አምኜ ያለቀስሁት ነው የከፋኝ›› አለች። ቀጥላም ወደ እኛ ዞራ፣ ‹‹እርስዎስ ገንዘቡን ሲሰጡት ምን አደረግህበት ብለው አልጠየቁትምን?›› ብላ ጠየቀችን።

ለዚህ ጥያቄ መልስ አልነበረንም። እኛ በመሥሪያ ቤታችን የዳኝነት ገንዘብ ስንቀበል ያለ ደረሰኝ አምስት ብር አንነካም፤ አንዲት ወረቀት ብትጠፋ መዝገቡን ሁሉ ገልብጠን እናገኛታለን። የእኅታችንን የቡና ገንዘብ ግን ሁለት ዓመት ተኩል ያለ ደረሰኝ ስናስተላልፍ ኖረናል። ልጁ በመዋሸቱ ጥፋተኛ ነው፤ እኛም ባለመጠየቃችን ከጥፋቱ ድርሻ አለን። ካያያዝ ይቀደዳል፣ ካነጋገር ይፈረዳል ይባል የለምን? የእኛ ከአያያዝ የተቀደደ ነው።

ስለዚህ በዚያው ቀን ሦስታችን ተቀምጠን ውል ተጻጻፍን። ምናልባት ለሌሎች ቤተ ሰቦችም ይጠቅም እንደ ሆነ አንቀጾቹን በአጭሩ እንገልጻለን። አንደኛ፤ በትምህርት ቀን ወደ ጌም ቤት አይኬድም፤ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሁለት ሰዓት፣ እሑድ አንድ ሰዓት ይፈቀዳል። ሁለተኛ፤ የጨዋታው ገንዘብ በሳምንት 45 ብር ነው፤ ካለቀ አለቀ እንጂ፣ የተበሉትን ለማስመለስ ተብሎ ከሌላ ገንዘብ አይነካም። ሦስተኛ፤ በገንዘብ መወራረድ፣ ሌላው ሲወራረድም አብሮ መቆም ፈጽሞ ክልክል ነው። አራተኛ፤ ልጁ የገቢና የወጪ ደብተር ይይዛል፤ ደብተሩም በየሳምንቱ እሑድ ማታ ይነበባል፤ ገጹም በስልክ ፎቶግራፍ ተነሥቶ ለእናቱ ይላካል። አምስተኛ፤ አጎቱ በወር አንድ ቀን ጌም ቤቱ ድረስ ሄዶ ከልጁ ጋራ አንድ ጨዋታ ይጫወታል። ይህን የመጨረሻውን አንቀጽ ያስጨመረችው እናቱ ናት። ‹‹የማያውቁትን ነገር እንዴት አድርገው ይቈጣጠሩታል?›› ብላን ነው።

ውሉ ከተጻፈ አራት ወር ሆነው። ነገሩ ሁሉ በአንድ ቀን ተስተካከለ ብለን አንዋሻችሁም። ልጁ ሁለት ጊዜ ከሰዓቱ አሳልፏል፤ ሁለቱንም ግን ራሱ በደብተሩ ጽፎ አቅርቧል። እኛም አንድ ወር ሥራ በዝቶብናል ብለን አምስተኛውን አንቀጽ በማፍረሳችን፣ ስማችን በዚያው ደብተር ተመዝግቦ ዘጌ ድረስ ደርሷል። በሄድንባቸውም ቀናት አንድ ጊዜ ሰባት ለባዶ ተሸንፈን እንደ ደንቡ 15 ብር ከፍለናል። አጋዥ መጽሐፎቹ ተገዝተዋል፤ የባከነውንም 2,400 ብር በክረምቱ ዕረፍት ከእናቱ ጋራ እየሠራ ሊተካ ተስማምቷል። ከሁሉ የሚበልጠው ግን፣ ልጁ ዛሬ ስለ ገንዘብ ሲጠየቅ ዐይኑን ከመሬት ላይ አይተክልም።

ይህን የቤታችንን ገመና ያወጣንላችሁ በከንቱ አይደለም። ያች የቆርቆሮ ክፍል የብዙ ቢሊዮን ገበያ የመጨረሻ ጫፍ ስለ ሆነች ነው። በዓለም ሁሉ ለቪዲዮ ጨዋታ በዓመት የሚወጣው ገንዘብ ከ180 ቢሊዮን የአሜሪካ ዶላር እንደሚበልጥ ይገመታል። ይህም ገንዘብ ከየቤቱ ኪስ በዐሥርና በሃያ ብር እየተጠራቀመ የሚሄድ ነው፤ ጠብታ ውሃ ድንጋይ ይበሳል ማለት ይህ ነው።

የዚህም ነገር አጀማመር እጅግ ትንሽ ነበር። በ1972 በጥቅምት ወር፣ በአሜሪካ አገር በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ጥቂት ተማሪዎች ስፔስዋር በተባለ የኮምፒዩተር ጨዋታ ተወዳደሩ፤ የአሸናፊውም ሽልማት የአንድ መጽሔት የአንድ ዓመት ደንበኝነት ብቻ ነበረ። ዛሬ ኢ-ስፖርት የሚባለው የጨዋታ ውድድር ሥሩ ከዚያ ይቈጠራል። በደቡብ ኮርያ፣ ከ1997 የገንዘብ ቀውስ በኋላ ሥራ ያጡ ሰዎች በየሰፈሩ የኮምፒዩተር መጫወቻ ቤት ከፈቱ፤ ወጣቶቹም በዚያ ተሰበሰቡ፤ በ2000 የአገሪቱ የኢ-ስፖርት ማኅበር ተቋቋመ፤ ውድድሩም በቴሌቪዥን መታየት ጀመረ። በ2023 በቻይና በሃንግዡ ከተማ በተደረገው የእስያ ጨዋታዎች ውድድር፣ ኢ-ስፖርት ለመጀመሪያ ጊዜ እንደ ሩጫና እንደ ዋና ሁሉ የወርቅ ሜዳልያ የሚሰጥበት ሆነ። እንግዲህ የባሕር ዳሩ ጌም ቤትና የኮርያው መጫወቻ ቤት በመነሻቸው ብዙ አይለያዩም። ልዩነቱ ኮርያውያን ቤቱን በሥርዓት መያዛቸው፣ ጨዋታም መግዛት ብቻ ሳይሆን መሥራትና መሸጥ መጀመራቸው ነው።

ይሁን እንጂ ጕዳቱን ያላዩ መንግሥታት የሉም። የዓለም ጤና ድርጅት በ2019 ያጸደቀውና ከ2022 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው የበሽታዎች መዝገብ፣ ከጨዋታ የሚመጣን ሕመም በስሙ ጽፎታል። ምልክቶቹም ሦስት ናቸው። ሰውየው ጨዋታውን ለማቆምም ሆነ ለመወሰን ይሳነዋል፤ ከሌላው ጉዳዩ ሁሉ ጨዋታውን ያስቀድማል፤ ጕዳት እየደረሰበት ሳለም ይቀጥልበታል። ይህም አብዛኛውን ጊዜ ዐሥራ ሁለት ወር ያህል የቆየ እንዲሆን ያስፈልጋል። ስለዚህ ልጅ አንድ ቅዳሜ ስለ ተጫወተ በሽተኛ አይባልም፤ እናትና አባት ግን እነዚህን ሦስት ምልክቶች በልባቸው ሊይዟቸው ይገባል።

ቻይና በ2021 ባወጣችው ደንብ፣ ዕድሜያቸው ከ18 ዓመት በታች የሆኑ ልጆች በኢንተርኔት የሚጫወቱት ዐርብ፣ ቅዳሜና እሑድ፣ በበዓልም ቀን፣ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት እስከ ሦስት ሰዓት ብቻ እንዲሆን ወሰነች። ደቡብ ኮርያም በ2011 ከ16 ዓመት በታች የሆኑ ልጆች ከእኩለ ሌሊት እስከ ንጋት ዐሥራ ሁለት ሰዓት እንዳይጫወቱ በሕግ ከልክላ ነበር፤ ከዐሥር ዓመት በኋላ ግን ሕጉን ሽራ፣ የሰዓቱን ውሳኔ ለልጆቹና ለወላጆቻቸው ስምምነት ተወችው። ከዚህ የምንማረው፣ መንግሥት በሩን ሊዘጋና ሊከፍት ቢችልም፣ ልጁ የያዘው ብር ከየት እንደ መጣ፣ ቃሉም እውነት መሆኑን ማወቅ የሚችለው ቤተ ሰብ ብቻ መሆኑን ነው።

አንዳንድ ሽማግሎች ይህ ሁሉ የባዕድ ነገር ነው፣ ለአባቶቻችን እንግዳ ነው ይላሉ። እኛ ግን በዚህ አንስማማም። ዐፄ ልብነ ድንግል ከቬኒስ ከመጣ ሠዓሊ ጋራ ሰንጠረዥ ይጫወቱ እንደ ነበር ተጽፏል። በአገራችንም የሰንጠረዥ ደንብ ከሌላው ዓለም የሚለይበት አንድ ነገር አለው። ጨዋታው ሲጀመር ወረራ የሚባል ጊዜ አለ፤ በዚያም ጊዜ ሁለቱ ተጫዋቾች ተራ ሳይጠባበቁ፣ የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ፣ በእጃቸው ፍጥነትና በዐይናቸው ንቃት ሠራዊታቸውን ያሰልፋሉ። የሚመለከቱትም ዝም ብለው አይቀመጡም፤ እየጮኹ ይመክራሉ። ይህን ባሰብን ጊዜ፣ በዚያ ጌም ቤት ‹‹አቀብለው! ምታው!›› እያሉ ከወንበሩ ኋላ የሚጮኹት ልጆች የማን ልጆች እንደ ሆኑ ገባን።

ገበጣም እንዲሁ ነው። በቤተ ክህነት ትምህርት ላይ ሳለን፣ የኔታ ሲያሸልቡ በመሬት ላይ ጉድጓድ እየማስን በጠጠር ተጫውተናል፤ ሲነቁም ተገርፈናል። ዳሩ ግን መቍጠርን፣ የነገውን እርምጃ ዛሬ ማሰብን፣ የተሸነፉበትንም ቀን መቻልን ያስተማረን ያው ገበጣ ነው። በኋላም በሚሲዮን ትምህርት ቤት መደመርና ማባዛት ሲያስተምሩን፣ እጃችን አስቀድሞ በጠጠር የለመደው ስለ ነበረ አልከበደንም። ሊቁ ሪቻርድ ፓንክኸርስት በ1971 ስለ ኢትዮጵያና ስለ አፍሪካ ቀንድ የገበጣ ዓይነቶች ሰፊ ጥናት አሳትሞ፣ ይህ የመንደር ጨዋታ ምን ያህል ሀብት እንደ ሆነ አሳይቷል።

እንግዲህ ጥያቄው፣ ይህን ያህል የጨዋታ ሀብት ያለው ሕዝብ በአዲሱ ገበያ ውስጥ ገዢ ብቻ ሆኖ ይቀራልን? የሚለው ነው። ዛሬ በዓለም የታወቀው የጃፓን ኩባንያ ኔንቲዶ የተመሠረተው በ1889፣ ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ ዘውድ በጫኑበት ዓመት ነው። በዚያን ጊዜ ሥራው በኪዮቶ ከተማ የጃፓንን የጥንት የካርታ ጨዋታ በእጅ መሥራት ነበረ። ከአያቶቹ ጨዋታ ተነሥቶ፣ ከመቶ ዓመት በኋላ የዓለምን ሕፃናት ሁሉ ደንበኛው አደረገ። በአገራችንም በዚህ መንገድ የጀመሩ ወጣቶች አሉ። በአዲስ አበባ የተቋቋመው ቅኔ ጌምስ፣ ዶሮ ከሚያሳድዳት ሰው እየሮጠች የምታመልጥበትን ኩኩሉ የተባለ የስልክ ጨዋታ ሠርቷል፤ ገበጣንም ከመሬት አንሥቶ በስልክ ላይ አኑሮታል። በጌም ቤቱ ካየናቸው ጨዋታዎች ግን የኢትዮጵያ ሰው የሠራው አንድም አልነበረም።

መንገዱ ግን ክፍት ነው። በ2013 ዓ.ም. በግንቦት ወር ቴሌብር ከተጀመረ ወዲህ ትንሽ ገንዘብ በስልክ መክፈል ለገጠር ሴት እንኳ ቀሏል፤ የእኅታችን የቡና ገንዘብ ለዚህ ምስክር ነው። በ2015 ዓ.ም. ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ ሁለተኛው የቴሌኮም ኩባንያ ሆኖ ሥራውን በይፋ ጀምሯል። በ2016 ዓ.ም. በሐምሌ ወርም አምስት ሚሊዮን ኢትዮጵያውያንን የኮምፒዩተር ፕሮግራም አጻጻፍና የመሰለውን ዕውቀት ለማስተማር የታቀደው ሥራ ተጀምሯል። በከተማችንም፣ በሶቭየት ኅብረት ርዳታ በ1955 ዓ.ም. የተመሠረተው ፖሊ ቴክኒክ፣ ዛሬ በባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ሆኖ መሐንዲሶችን እያስተማረ ነው። ጨዋታ ለመሥራት ሒሳብ ዐዋቂ፣ ሠዓሊ፣ ዜማ ዐዋቂና ተረት ዐዋቂ በአንድ ገበታ መቀመጥ አለባቸው። በጣና ዙሪያ ከነዚህ የትኛው ይጎድለናል? የታንኳው ቀዘፋ፣ የደሴቶቹ ሥዕል፣ የጉማሬው ድንገተኛ ብቅታ፣ ከሰዓት በኋላ የሚነሣው ማዕበል፣ እያንዳንዱ ለአንድ ጨዋታ የሚበቃ ነገር ነው።

በየመሥሪያ ቤቱ ሥልጣን ላላችሁ አንባቢዎቻችንም አሳባችንን በትሕትና እናቀርባለን። ጌም ቤትን እንደ ሕገ ወጥ ነገር በየጊዜው ከማሸግ ይልቅ፣ እንደ ሌላው ንግድ ፈቃድና ሰዓት ቢወሰንለት፣ በትምህርት ሰዓት ተማሪ እንዳያስገባ ቢገደድ፣ በልጆች ጨዋታ ላይ ገንዘብ የሚያስይዙትን ዐዋቂዎች ግን ያለ ርኅራኄ ቢቀጣ ይሻላል። በወጣት ማእከላትና በትምህርት ቤቶች በዓመት አንድ ጊዜ የታወቀ ውድድር ቢደረግ፣ ከእግር ኳሱም ጋራ ገበጣና ሰንጠረዥ በኮምፒዩተርም በገበታም ቢጨመሩበት፣ ለሚያሸንፈው ብቻ ሳይሆን አዲስ ጨዋታ ሠርቶ ለሚያመጣውም ወጣት ሽልማት ቢሰጥ፣ ዛሬ ከበር ውጭ የሚሰማው ጩኸት ነገ የአገር ገቢ ይሆናል።

ወደ ቤታችን ተመልሰን እንጨርስ። ባለፈው እሑድ ማታ ደብተሩ ሲነበብ፣ በወጪው በኩል ‹‹ጨዋታ፣ 30 ብር››፣ በቀሪው በኩል ‹‹15 ብር›› የሚል አገኘን። ‹‹ይህች 15 ብር ለምን ተረፈች?›› ብለን ጠየቅነው። ‹‹አንዱን አሸነፍሁ፣ አጎቴ፤ ተሸናፊው ከፈለ›› አለና ሣቀ። ቀጥሎም ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ‹‹የተሸነፈው ልጅ ግን የከፈለው ከምሳው ገንዘብ ይመስለኛል›› አለን። እኛም ያንን ልጅ በመጪው ቅዳሜ ከነእናቱ ወደ ቤታችን እንዲጠራው አዝዘነዋል፤ አንድ የውል ወረቀትም አዘጋጅተን አስቀምጠናል።

የተከበራችሁ እናቶችና አባቶች፤ ልጅን ሲወዱ ከነንፍጡ ነው፤ በዚህ ዘመን ደግሞ ከነጨዋታው ሆኗል። እንግዲህ ዛሬ ማታ ልጃችሁን ምን እንደሚጫወት፣ ከማን ጋራ እንደሚጫወት፣ በማን ገንዘብ እንደሚጫወት በእርጋታ ጠይቁት። መልሱንም ከመቈጣታችሁ በፊት እስከ መጨረሻው ስሙት። ገበያው ከቤታችሁ በር ላይ ደርሷልና፣ ደረሰኙን የምትቈርጡት እናንተው ሁኑ።